ፊዚክስ የወለዳቸውን ልቦለዶች ጥንድ ጥንድ አድርጌ ሳነብ

ልቦለዶቹን ለብቻቸው አላነበብኳቸውም። እያንዳንዱን ከወለደው የፊዚክስ ሐሳብ ጋር አጣምሬ ነው የያዝኩት። ስለ ጊዜ የተጻፈ ልቦለድ ሳነሳ፣ አጠገቡ አንጻራዊነትን፣ ማለትም የአይንስታይንን የጊዜና የቦታ ንድፈ ሐሳብ፣ በቀላል ቋንቋ የሚያስረዳ መጽሐፍ አለ። ስለ አቶም የሚያወራ ልቦለድ ሲሆን ደግሞ የአቶም ምርምር ታሪክ አብሮት ይነበባል። በዚህ ላይ አንድ ደብተርና የስልኬ ካልኩሌተር ነበሩ። ሌላ ነገር አላስፈለገኝም።

እኔ የሒሳብ ሠራተኛ ነኝ። ፊዚክስን የተሰናበትኩት ከሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ጋር ነው። ግን አንድ ጥያቄ አልለቅ አለኝ። የ20ኛው ክፍለ ዘመን ፊዚክስ የሰውን ምናብ ለወጠው ሲባል እሰማለሁ። እንዴት ነው የለወጠው? ምኑን? ይህን ከሌላ ሰው ከምሰማ ራሴ ገብቼ ማየት ፈለግሁ።

እያንዳንዱን መጽሐፍ ስጀምር ደብተሬ ላይ ሁለት ጥያቄ እጽፋለሁ። ደራሲው የትኛውን የተፈጥሮ ሕግ አጥብቆ ያዘ? የትኛውንስ ለቀቀ? ቅዳሜ ቅዳሜ ደግሞ ያነበብኩትን ቡና ላይ ለጓደኞቼ እተርካለሁ። በአማርኛ ለሰው ማስረዳት ካቃተኝ አልገባኝም ማለት ነው፤ ተመልሼ አነባለሁ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶችና ወሮች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

የጀመርኩት በጆርጅ ጋሞው «ሚስተር ቶምፕኪንስ» ነው። ጋሞው ራሱ ስመ ጥር የፊዚክስ ሊቅ ነበር፤ መጽሐፉን የጻፈው በ1930ዎቹ መጨረሻ ነው። አንድ የባንክ ሠራተኛ የፊዚክስ ንግግር እየሰማ እንቅልፍ ይወስደዋል። በሕልሙ የብርሃን ፍጥነት እንደ ብስክሌት ዝግ ያለበት ከተማ ውስጥ ራሱን ያገኘዋል። በአጠገቡ በብስክሌት የሚያልፈው ሰው ጠፍጣፋና ቀጭን ሆኖ ይታየዋል። እሱ ራሱ ብስክሌት ላይ ሲወጣ ደግሞ የሚቀጥነው ከተማው ነው። ባቡር ጣቢያ ላይ አንዲት አሮጊት አንድን ጎልማሳ «አያቴ» ብላ ትቀበለዋለች። ሰውየው ዕድሜውን በባቡር ላይ የጨረሰ መንገደኛ ነው፤ ስለዚህ አላረጀም።

በዚህ ሕልም ጋሞው የነካው አንድ ቁጥር ብቻ ነው። ሌላው ሕግ ሁሉ በቦታው አለ። ይህ ዓይኔን ገለጠልኝ። ምናብ ማለት ሁሉን ነገር እንዳሻ መለዋወጥ ይመስለኝ ነበርና።

መጽሐፉ ላይ አንድ እርማት አለ፣ እሱም ደስ ይላል። በ1959 ሮጀር ፔንሮዝና ጄምስ ቴሬል የተባሉ ሳይንቲስቶች፣ እያንዳንዳቸው በየፊናቸው፣ በጣም የሚፈጥን ነገር ለዓይን እንዴት እንደሚታይ አሰሉ። ነገሩ በርግጥ ያጥራል። ዓይን የሚያየው ግን ከተለያየ ርቀት ተነስቶ በአንድ ጊዜ የደረሰ ብርሃን ነው። ስለዚህ የሚታየው ጠፍጥፎ ሳይሆን ዞር ብሎ ነው። ፔንሮዝ ቆይቶ ለዚሁ መጽሐፍ አዲስ እትም መቅድም ጻፈለት።

ቀጥሎ የአላን ላይትማንን «አይንስታይንስ ድሪምስ» ያዝኩ። ላይትማን የፊዚክስ ምሁር ነው፤ ልቦለዱ የወጣው በ1990ዎቹ መጀመሪያ ነው። ጊዜው 1905፣ ቦታው የስዊዘርላንዷ በርን ከተማ፣ ሰውየው በፓተንት ቢሮ የሚሠራው ወጣቱ አይንስታይን ነው። በየሌሊቱ ሕልም ያያል። በየሕልሙ ጊዜ ሌላ ጠባይ አለው። በአንዱ ጊዜ ክብ ነው፣ ሁሉ ነገር ይደገማል። በሌላው ደግሞ ከመሬት እምብርት በራቁ ቁጥር ጊዜ ዝግ ይላል። ስለዚህ ሰዎች እንዳያረጁ ተራራ ላይ ይወጣሉ፤ ቤታቸውንም በረጃጅም ቋሚዎች ላይ ይሠራሉ። ቤቱ ከፍ ያለ ሰው ይከበራል። ዘመን ሲያልፍ ለምን እንደወጡ ይረሱታል። ልጆቻቸው ግን ከቆላ ሰው እንዲሸሹ እያስተማሩ እዚያው ይቀራሉ። በመጨረሻ እንደ አየሩ ሳስተው፣ አጥንታቸው ገጥጦ፣ ያለ ዕድሜያቸው ያረጃሉ።

ይህን ሕልም ካነበብኩ በኋላ አጠገቡ የያዝኩትን የፊዚክስ መጽሐፍ ከፈትኩ። ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው! በእውነተኛው ዓለም ከፍታ ላይ ያለ ሰዓት ይፈጥናል እንጂ አይዘገይም። ስበት በበረታበት ቦታ ነው ጊዜ ዝግ የሚለው። አሜሪካውያን ተመራማሪዎች በ2010 ሁለት እጅግ ረቂቅ ሰዓቶችን ወስደው አንዱን ከሌላው 33 ሴንቲ ሜትር ያህል ከፍ አደረጉት። ልዩነቱ ታየ። የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓትም ምድር ላይ ካለው ሰዓት በቀን ወደ 38 ሚሊዮንኛ ሰከንድ ይቀድማል። ይህ ካልታረመ ስልካችን ቦሌ ቆመን ሌላ ከተማ ነን ሊለን ይችላል።

ታዲያ አገራችን ለዚህ ስሌት የተሠራች ትመስላለች። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2,400 ሜትር ላይ ናት። አፋር ውስጥ ዳሎል ከባሕር ጠለል ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ትላለች። ልዩነቱን 2,500 ሜትር አልኩት። ይህን በስበት ቁጥር፣ በ9.8 አባዛሁት። ውጤቱን ለብርሃን ፍጥነት፣ ፍጥነቱ በራሱ ተባዝቶ፣ አካፈልኩት። ያንን በአንድ ዓመት ውስጥ ባሉት ሰከንዶች ሳባዛ ከ8 እስከ 9 ሚሊዮንኛ ሰከንድ መጣልኝ። የአዲስ አበባ ሰው በዓመት ከዳሎል ሰው በዚህች ታህል ይቀድማል፤ ማለትም ይበልጥ ያረጃል። 70 ዓመት ቢኖሩ ልዩነቱ ከአንድ ሺኛ ሰከንድ ግማሽ ትንሽ ያልፋል። ቁጥሩ ኢምንት ነው። ግን በራሴ እጅ፣ በራሴ አገር ከፍታና ዝቅታ አገኘሁት። ከዚያ በኋላ የላይትማን ባለ ቋሚ ቤቶች ተረት መሆናቸው ቀረ። ደራሲው ፊዚክሱ ጠፍቶት አይደለም የገለበጠው። ጊዜ ከቦታ ቦታ ቢለያይ ሰው ምን ይሆናል የሚለውን ነው ያሳየን። ለኑሯቸው ሰስተው የወጡት ሰዎች ኑሮ አመለጣቸው።

እዚህ ላይ ከጓደኞቼ ጋር ረጅም ክርክር ገጠምን። እኛ በሁለት የቀን አቆጣጠር እንኖራለን። ፈረንጅ ስምንት ሰዓት የሚለውን ጠዋት ሁለት ሰዓት እንላለን። «አንጻራዊነት ማለት ይሄው አይደል?» አሉኝ። አይደለም። ያቺ የጠዋት ቅጽበት አንድ ናት፤ እኛ የለያየነው አቆጣጠራችንን ነው። አንጻራዊነት የሚለው ከዚህ በጣም ይከብዳል። አንድ ዓይነት ሁለት ሰዓቶች ተለያይተው ሄደው ሲገናኙ፣ የቆጠሩት የጊዜ መጠን ራሱ ይለያያል ነው የሚለው። ማንም አልተሳሳተም። ይህን ልዩነት ያልያዘ ሰው ልቦለዶቹ የሚያስደነግጡበት ቦታ ላይ አይደነግጥም።

ከሁሉም ልቤን የነካው የጆ ሃልደማን «ዘ ፎርኤቨር ዎር» ነው፤ በ1974 የታተመ። ሃልደማን ፊዚክስና ሥነ ፈለክ ተምሯል። ከዚያ ቬትናም ዘምቶ ቆስሏል። ልቦለዱ ላይ ወታደሮች ከዋክብት መካከል ይዋጋሉ፤ በብርሃን ፍጥነት አፋፍ ይጓዛሉ። ለእነሱ ጥቂት ወራት ያለፈው ምድር ላይ አሥርት ዓመታት፣ ኋላም መቶ ዓመታት ይሆናል። ማንዴላ የሚባለው ወታደር በተመለሰ ቁጥር የሚያውቀው አገር የለም። ቋንቋው ተለውጧል፣ ሰዉ ተለውጧል፣ የላኩት አለቆች ሞተዋል። ጦርነቱ ከሺ ዓመት በላይ ይፈጃል፤ እሱ ግን ገና ወጣት ነው። ከመካከላችን አንዷ አረብ አገር ብዙ ዓመት ሠርታ የተመለሰች ናት። ይህን ስተርክ «እኔም ስመለስ ሰፈሩ ራሱ የለም» ብላ ጨዋታውን ወደ ራሷ ወሰደችው። የዚያን ቀን ፊዚክሱ ተረሳ፣ ስለ መመለስ አወራን።

መጨረሻውን ካልነገርኩ ስሌቱን ማሳየት ስለማልችል፣ ሊያነብ ያሰበ ሰው ይህን አንቀጽ ይዝለለው። የሚወዳት ሴት ቀድማ ከጦርነቱ ተመልሳለች። እሱ የሚመጣው ከመቶ ዓመታት በኋላ ነው። ስለዚህ በፈጣን መንኮራኩር ትሳፈራለች። መንኮራኩሩ አምስት የብርሃን ዓመት፣ ማለትም ብርሃን በአምስት ዓመት የሚሄደውን ርቀት፣ ሄዶ ይመለሳል፣ ደግሞ ይሄዳል። በየአሥር ዓመቱ የምታረጀው አንድ ወር ያህል ነው። እየጠበቀችው ነው። ወዲያው ካልኩሌተሬን አወጣሁ። አሥር ዓመት 120 ወር ነው፤ ስለዚህ ጊዜዋ 120 ጊዜ መዘግየት አለበት። ለዚያ የሚያስፈልገው ፍጥነት ከብርሃን ፍጥነት 99.9965 በመቶ ይሆናል። በዚህ ፍጥነት አምስት የብርሃን ዓመት ሄዶ መመለስ አሥር ዓመት አካባቢ ይወስዳል። ገጠመ! ደራሲው ፍቅሩን በሕጉ ውስጥ ነው ያኖረው። ከብርሃን የሚፈጥን ነገር የለም የሚለው ሕግ ባይኖር ማንዴላ በማግስቱ ቤቱ ይገባ ነበር፣ ሴትየዋም መጠበቅ አያስፈልጋትም ነበር።

ለጥያቄዬ መልስ ያገኘሁት እዚህ ነው። ዘመናዊው ፊዚክስ ለምናብ የሰጠው ነጻነት ብቻ አይደለም፤ አጥርም ሰጥቶታል። ታላላቆቹ ልቦለዶች ከአጥሩ ጋር የታገሉት ናቸው። ሕጉን እንደፈለጉ የሚጥሱት መጻሕፍት ግን ቶሎ ሰለቹኝ። «ኳንተም» የሚለውን ቃል ለጥፈው ሐሳብህ ብቻ ሀብት ያመጣልሃል የሚሉትን ደግሞ ከዝርዝሬ አወጣኋቸው። ኳንተም ፊዚክስ የአቶምንና የጥቃቅን ቅንጣቶችን ጠባይ ነው የሚያጠናው፤ እንዲህ ያለ ነገር አይልም።

ከዚያ በኋላ መንገዱን ገልብጬ መጠየቅ ጀመርኩ። ልቦለድስ ፊዚክስን ነክቶ ያውቃል? ያውቃል፣ ያውም በሚያስፈራ መንገድ። ፍሬደሪክ ሶዲ የተባለው ኬሚስት በ1909 ራዲየም ስለሚባለው ጨረር አመንጪ ንጥረ ነገር መጽሐፍ አወጣ። አቶም ውስጥ የታመቀው ጉልበት ቢለቀቅ ዓለም ይለወጣል የሚል ሐሳብ አለው። ኤች ጂ ዌልስ ያንን አንብቦ በ1914 «ዘ ወርልድ ሴት ፍሪ» የሚል ልቦለድ ጻፈ፤ መታሰቢያነቱንም ለሶዲ መጽሐፍ አደረገው። «የአቶም ቦምብ» የሚለው ስም እዚያ አለ። ቦምቡ ግን እንደምናውቀው አይደለም፤ አንዴ ተጥሎ ለረጅም ጊዜ እየነደደ የሚፈነዳ ነው።

ሊዮ ሲላርድ የተባለው የሃንጋሪ ተወላጅ የፊዚክስ ሊቅ ይህን ልቦለድ በ1932 አነበበ። ኒውትሮን የሚባለው የአቶም እምብርት ቅንጣት የተገኘውም በዚያው ዓመት ነው። በመስከረም 1933 ሲላርድ ለንደን ውስጥ ነበር። ታላቁ የአቶም ተመራማሪ ራዘርፎርድ ከአቶም ኃይል እናገኛለን የሚሉትን ከንቱ ወሬ እንደሚያወሩ መናገሩን ጋዜጣ ላይ አየ፣ ነገሩም ከነከነው። መንገድ ሲሻገር ሐሳቡ መጣለት። አንድ ኒውትሮን አቶሙን መትቶ ሁለት ኒውትሮን ቢያስወጣ፣ ሁለቱ አራት፣ አራቱ ስምንት ቢሆኑስ? ይህ ሰንሰለታዊ ምላሽ ይባላል። ፓተንት አስመዘገበ። ግን በይፋ እንዲወጣ አልፈለገም፤ የሚያስከትለውን ያውቅ ነበር። ከየት አወቀ ቢባል፣ ዌልስን ስላነበበ መሆኑን ራሱ ተናግሯል። ታኅሣሥ 2 ቀን 1942 ቺካጎ ላይ የመጀመሪያው ሰው ሠራሽ ሰንሰለታዊ ምላሽ ሲሳካ ሲላርድ ከሠሩት አንዱ ነበር። በሐምሌ 1945 ደግሞ ቦምቡ የጃፓን ከተሞች ላይ በዘፈቀደ እንዳይጣል ፊርማ ሲያሰባስብ ዋለ። አልተሰማም። ይህን ጥንድ ሳነብ ደብተሬ ላይ ከስሌት ይልቅ የዓመቶች መስመር ነው ያሰመርኩት። ከ1909 እስከ 1945፣ ከላቦራቶሪ ወደ ልቦለድ፣ ከልቦለድ መልሶ ወደ ላቦራቶሪ።

ደስ የሚለው አቻው የሥነ ፈለክ ሊቁ የካርል ሳጋን «ኮንታክት» ነው፣ 1985። ሳጋን ገጸ ባሕሪዋን በብላክ ሆል፣ ስበቱ ብርሃንን እንኳ በማያስወጣው የኅዋ አካል፣ ውስጥ አድርጎ ሩቅ ሊልካት አስቦ፣ ረቂቁን ለወዳጁ ለፊዚክስ ሊቁ ለኪፕ ቶርን አሳየው። ቶርን በዚያ መንገድ ማንም በሕይወት እንደማይወጣ ነገረው። በምትኩ ዎርምሆል የሚባለውን፣ ሁለት የራቁ ቦታዎችን የሚያገናኝ የኅዋ ዋሻ፣ አቀረበለት። ነገሩ እዚያ አልቆመም። ቶርን ከተማሪው ከማይክል ሞሪስ ጋር በ1988 ስለዚሁ ዋሻ ጥናት አሳተመ። ዋሻው ክፍት ሆኖ እንዲቆይ አሉታዊ ጉልበት ያለው እንግዳ ነገር ይፈልጋል። እንዲህ ያለ ነገር በበቂ መጠን ይኑር አይኑር ጥያቄው አሁንም ክፍት ነው።

ሁሉም ጥንድ ግን እውነተኛ ጥንድ አይደለም። የአርጀንቲናዊው ደራሲ የቦርሄስ አጭር ልቦለድ፣ ጊዜ ራሱ መንታ እየሆነ ስለሚለያይበት፣ የሚለያዩ መንገዶች ስላሉት አትክልት ቦታ የጻፈው፣ በ1941 ወጣ። የፊዚክስ ሊቁ ሂው ኤቨረት ብዙ ዓለማት አሉ የሚል ትርጓሜ የሚሰጠውን የኳንተም ሥራውን ያሳተመው በ1957 ነው። ሁለቱ ይመሳሰላሉ፣ ልቦለዱም ይቀድማል። ሆኖም መመሳሰል ዝምድና አይደለም። አንዱ ሌላውን ወለደ ለማለት እንደ ሲላርድ ያለ ምስክር ያስፈልጋል። ስለዚህ ሁለቱን ጎን ለጎን አነበብኳቸው እንጂ በቀስት አላገናኘኋቸውም።

አሁን የያዝኩት የማይክል ፍሬንን ተውኔት «ኮፐንሃገን» ነው። በ1941 ለጀርመን የአቶም ምርምር ይሠራ የነበረው የፊዚክስ ሊቅ ሃይዘንበርግ በጀርመን ወደተያዘችው ኮፐንሃገን ሄዶ መምህሩን፣ ዴንማርካዊውን ኒልስ ቦርን፣ አገኘው። ምን ተባባሉ? ተውኔቱ በ1998 መድረክ ላይ ከወጣ በኋላ ክርክሩ በጣም ስለጋለ፣ የቦር ቤተሰብ ሊቆይ የነበረውን ሰነድ ቀድሞ በ2002 ይፋ አደረገው። ከውስጡ ቦር ለሃይዘንበርግ ጽፎ ያልላካቸው የደብዳቤ ረቂቆች አሉ። የዚህ ጥንድ አጣማሪ እነሱ ናቸው። መጀመር የሚፈልግ ሰው ካለ ግን ከጋሞው ይጀምር፣ ወደ ሃልደማን ይለፍ። «ኮፐንሃገን»ን ሲይዝ መጀመሪያ ተውኔቱን ይጨርስ፣ ከዚያ ረቂቆቹን ያንብብ፤ ቅደም ተከተሉ ሲገለበጥ የተውኔቱ ጥርጣሬ ይጠፋል።