ዣንጥላ ያዡ ሰውዬ

ከሴኡል ወደ ዮንግዎል በአውቶቡስ ሁለት ሰዓት ያህል ነው። ስንቄ ኪምባፕ ነበር፤ በባሕር ቅጠል የተጠቀለለ ሩዝ። ሆን ብዬ ነው የገዛሁት። «ሬዲዮ ስታር» የተባለውን የ2006 ፊልም ያየ ሰው ነገሩ ይገባዋል (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ያዙልኝ)። ኮሪያዊው ተዋናይ አን ሶንግ-ኪ አውቶቡስ ላይ ሆኖ ሬዲዮ ያዳምጣል። እንባው ይተናነቀዋል፤ እሱ ግን ኪምባፑን መጉረሱን አይተውም። ያቺን ትዕይንት ስንቴ እንዳየኋት አልናገርም፣ ያሳፍራል።

ዮንግዎል በጋንግዎን ተራሮች መሃል ያለች ትንሽ ከተማ ናት። ፊልሙ የተቀረጸው እዚህ ነው። ዘመኑ ያለፈበት የሮክ ዘፋኝ ለገጠር ሬዲዮ ጣቢያ ይቀጠራል፤ አን ደግሞ የማይለየው ማናጀሩ ነው። የድሮው ጣቢያ ዛሬ የሬዲዮ ሙዚየም ሆኗል። ቶሎ ጨርሼው ወጣሁ። እኔን የሳበኝ ፊልሙ ላይ ያለው ሻይ ቤት ነበር።

ባለቤቷ ጠና ያሉ ሴት ናቸው። የእንቁላል አስኳል ጣል ያለበት ጥቁር የሥራሥር ሻይ አመጡልኝ። ከየት እንደመጣሁ ጠየቁኝ። «ኢትዮጵያ» ስላቸው «ታዲያ ቡና አትጠጣም?» አሉኝ በስልኬ አስተርጓሚ። ምን ይመለሳል?

አን የተወለደው በ1952 ነው፣ የኮሪያ ጦርነት ሳያልቅ። የቃኘው ልጆች፣ የኛ ዘማቾች፣ እነዚሁ የጋንግዎን ተራሮች ላይ የተዋጉበት ዘመን ነው። ፊልም የጀመረው ገና በአምስት ዓመቱ ነው። ካደገ በኋላ ትቶት ዩኒቨርሲቲ ገባና ቬትናምኛ ተማረ፤ ያኔ ኮሪያ ቬትናም ውስጥ ጦር ስለነበራት እንጀራ ያወጣል ተብሎ። ትምህርቱን ሲጨርስ ጦርነቱ አለቀ፣ ቋንቋውም ሥራ ፈታ። ወደ ካሜራው ተመለሰ። በ1992 ደግሞ የቬትናም ዘማች ሆኖ ተወነ! ዕጣ ፈንታ ትቀልዳለች።

በ2003 የወጣው «ሲልሚዶ» ከ10 ሚሊዮን በላይ ተመልካች ያገኘ የመጀመሪያው የኮሪያ ፊልም ነው፤ እሱም አለበት። የአገሬው ሰው «የሕዝብ ተዋናይ» ይለዋል። ለኔ ግን ትልቁ ሥራው ይኸው ማናጀር ነው። መጨረሻ ላይ ዝናብ ውስጥ ዣንጥላ ይዞ ለዘፋኙ ያጠልልለታል። ዘፋኙን የሠራው ፓርክ ጁንግ-ሁን ነው፤ አራት ፊልም አብረው ሠርተዋል። የዚያ ዓመት ብሉ ድራገን የተባለው የኮሪያ ፊልም ሽልማት ላይ የምርጥ ተዋናይነቱ ለሁለቱም በጋራ ተሰጠ። ዣንጥላ ያዥና የተያዘለት እኩል ሲሸለሙ ደስ ይላል።

እኔ የሄድኩት በ2023፣ በኮሪያ ጸደይ ነው። ከዚያ በፊት በነበረው መስከረም አን ዊግ አድርጎ፣ ፊቱ አብጦ አደባባይ ወጥቶ ነበር። የደም ካንሰር እንዳለበት የታወቀው ያኔ ነው። ሴትዮዋ ሒሳቤን እየተቀበሉ «ሴኡል ውስጥ ምን ይላሉ? ተሻለው?» አሉኝ፤ የዘመድ ያህል። እኔም ምኑን አውቄ፣ «ተሽሎታል» አልኩ።

መናኸሪያው ውስጥ የቀረችኝን አንዲት ኪምባፕ በላኋት። ሩዙ ደርቆ ነበር።