ብር ያልኩትን ወርቅ ያደረጉት አለቃዬ

ስለ ሮም ኦሊምፒክ ፕሮግራም እየሠራን ነው። አበበ ቢቂላ የግድ ነው፤ እኔ ደግሞ ከጎኑ የምትገባ አጭር ነገር ስለ ኢራናዊው ጎላምሬዛ ታኽቲ ጻፍኩ። (መጀመሪያ «ታጋይ» ብዬው ነበር፣ ከጫካ የገባ ሰው መሰለብኝና «ትግለኛ» አልኩት።) እ.ኤ.አ. በ1956 ሜልቦርን ላይ በ87 ኪሎ ወርቅ፣ በ1960 ሮም ላይ ብር።

አርታኢያችን በቀይ እስክሪብቷቸው «ብር» የሚለውን ሰርዘው «ወርቅ» ጻፉበት።

«ጋሼ፣ ሮም ላይ እኮ በቱርኩ ኢስሜት አትሊ ተሸንፏል።»

«ሻምፒዮን ነው አላልክም እንዴ?»

«ነው፣ ግን...»

«በቃ! አበበ ባለበት ፕሮግራም ብር ይዘህ አትምጣብኝ።»

የቶሌዶውንም ታሪክ ቆረጡት፣ ሰዓት የለም ብለው። እኔ ግን ጽሑፉን የጻፍኩት ለሱ ስል ነበር። በ1962 አሜሪካ፣ ቶሌዶ ላይ በተደረገው የዓለም ሻምፒዮና የሶቪየቱ አሌክሳንደር ሜድቬድ ጉልበቱን ታሞ ኖሮ፣ ታኽቲ ያንን እግር ሳይነካ ታገለው ይባላል። ወርቁን ሜድቬድ ወሰደ፣ ታኽቲ ብር። ኢራኖች ከሜዳሊያዎቹ ሁሉ አብልጠው የሚያወሩለት ይህን ነው።

ፕሮግራሙ ተላለፈ። ወዲያው አንድ አድማጭ ደወሉ፤ «ልጆች፣ የሮሙ ወርቅ እኮ የቱርኩ ነው» አሉና ዘጉት።

ሰኞ ስብሰባ ላይ «ይሄን ማን ነው የጻፈው?» ብለው የጠየቁት ራሳቸው አለቃዬ ናቸው። ሁሉም ወደኔ ዞረ። ቀይ የተሰረዘባት ወረቀት ፋይሌ ውስጥ ናት፣ ፋይሉ ጭኔ ላይ ነው፣ መክፈት ብቻ ነው የቀረኝ። ግን ሰውዬው ጡረታ ሊወጡ አምስት ወር ነው የቀራቸው፣ እጃቸውም ጠረጴዛው ላይ ትንሽ ትንቀጠቀጥ ነበር። ጉልበታቸው ታየኝ።

«ስህተቱ የኔ ነው» አልኩ።

አቤት፣ ታኽቲ የሆንኩ መሰለኝ! ለአንድ ሦስት ደቂቃ። ከዚያ «የዛሬ ልጆች ሳታጣሩ ትጽፋላችሁ» ብለው ጀመሩ፣ ግማሽ ሰዓት ሙሉ፣ እኔን እየጠቆሙ። ታኽቲስ ብሩን ይዞ ነው ወደ ቴህራን የተመለሰው። እኔ የደረሰኝ የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ነው።

በሽኝታቸው ቀን ቀዩን እስክሪብቶ ለማስታወሻ ብለው ሰጡኝ። እስካሁን ይጽፋል። ወረቀቷንም አልጣልኳትም።