ከባቱ ባልጩት ወደ ጅማ ቀይ አፈር

የባቱ ሰው ለባልጩት አይደነቅም። ከከተማው ወደ ምዕራብ ወጣ ብሎ ጋዴሞታ ላይ ከብት የሚጠብቅ ልጅ ቀኑን ሙሉ የሚረግጠው ጥቁር ስባሪ፣ ከ270,000 ዓመት በፊት በሰው እጅ የተፈለጠ ሊሆን ይችላል። ቦታውን እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጀመሪያ የጥንት ቅርስ አጥኚዎቹ ፍሬድ ዌንዶርፍና ሮሙአልድ ሺልድ ቆፈሩት፤ ትክክለኛ ዕድሜው የታወቀው ግን ዘግይቶ፣ ከመሣሪያዎቹ በላይ የተነጠፈው የእሳተ ገሞራ አመድ በውስጡ በታመቀው የአርጎን ጋዝ ሲለካ ነው። ከእንዲህ ያለ አገር ተነስቶ ጅማ የገባ ሰው መጀመሪያ የሚያጣው ባልጩቱን ነው። ይህን አይቶ «እዚህ የጥንት አዳኝ አልነበረም» የሚል ሰው ብዙ ሰምቻለሁ። አልስማማም።

በቡታጅራና በወልቂጤ አድርጌ ግቤን ተሻገርኩ። ስለ መንገዱ የምለው ጥቂት ነው፤ ቆላው እንደ ምድጃ እየጋለ ተሳፋሪው ሁሉ «ንፋስ ይመታናል» ብሎ መስኮት አላስከፍት አለ፣ ላቤን እየጠረግሁ ሰኮሩ ደረስን። ጅማ ያረፍኩበት ሆቴል ደግሞ ሥሩ ጭፈራ ቤት ኖሮታል። 900 ብር ከፍዬ እስከ ሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ከበሮ ሳዳምጥ አደርኩ። ጠዋት ያገኘሁት ቡና ግን የሌሊቱን ሁሉ አስረሳኝ፤ ባቱ ውስጥ እንዲህ ያለ ቡና ቢፈላ ሰፈሩ ሥራ አይሄድም።

የጅማ ሙዚየም በአብዛኛው የአባ ጅፋርን ዘመን ዕቃ ነው የያዘው። ጥሩ ነው፣ በተለይ የእንጨት ሥራው፤ የድንጋይ መሣሪያ ፍለጋ የመጣ ሰው ግን መልሱን ከግድግዳ ውጭ፣ ከአፈሩ መፈለግ አለበት።

የጅማ አፈር ቀይ፣ ጥልቅና ኮምጣጣ ነው። ገበሬው ኖራ የሚበትነው ለዚህ ነው። በዓመት 1,500 ሚሊ ሜትር ገደማ የሚወርደው ዝናብ የአፈሩን ካልሲየም አጥቦ ይወስዳል፤ አጥንት ደግሞ አብዛኛው አካሉ የካልሲየም ማዕድን ስለሆነ ሜዳ ላይ የተቀበረ አጥንት ቀስ በቀስ ይሟሟል። አዳኝ የበላው አጋዘን፣ የሞተ ዘመዱ፣ ከአጥንት የቀረጸው መውጊያ፣ ሁሉም ይጠፋል። የሚተርፈው ድንጋዩ ብቻ ነው። እሱንም ወይ ደን ሸፍኖታል ወይ ከላይ የታጠበ አፈር ቀብሮታል። የአፋር በረሃ ለአጥኚዎች የሰጠውን ያህል ይህ ምድር ያልሰጠው ሰው ስላልኖረበት አይደለም። እንዲያውም የጥንት ቅርስ አጥኚው ስቲቨን ብራንት ሲከራከር የቆየው ተቃራኒውን ነው፦ አፍሪካ በደረቀችባቸው የበረዶ ዘመናት የደቡብ ምዕራብ ከፍታ ዝናብ ስላላጣ የሰው መሸሸጊያ ሆኗል ይላል። ወላይታ ውስጥ ዳሞታ ተራራ ላይ ሞቼና ቦራጎ በሚባለው ዋሻ ከ50,000 ዓመት ገደማ ጀምሮ የተከማቸ የባልጩት መሣሪያ መገኘቱ ለክርክሩ ትልቁ ድጋፍ ነው። ወደ ካፋም ኤሊዛቤት ሂልደብራንድ ከእሱ ጋር ሆና ዋሻ ለዋሻ ዞራ ቆፍራለች።

ወደ ጅሬን ስወጣ ባጃጁ 400 ብር ጠየቀኝ። ስመለስ አብራኝ የተሳፈረች ተማሪ ኮንትራቱ ግማሹ እንደሆነ ነገረችኝ፤ ለባቱ ሰው እንግዳን በእጥፍ ማስከፈል ነውር ስለሆነ ገንዘቡ ሳይሆን ነገሩ ከነከነኝ። የአባ ጅፋርን ቤተ መንግሥት አይቼ በእግሬ ቁልቁል ወረድኩ፤ ዓላማዬ ለመንገድ የተቆረጠ ገደልና የታረሰ መሬት ማየት ነበር። ለዚህ ሥራ የሚሻለው ጊዜ ማሳው ታርሶ የመጀመሪያው ዝናብ ሲያጥበው ነው። ያኔ አፈሩ ይወርድና ድንጋዩ ብቅ ይላል። ክረምት ሲገባ አረምና ሰብል ሁሉን ይሸፍናል።

አንዲት እናት በር ላይ ሆነው ምን እንደምፈልግ ጠየቁኝ። ነገርኳቸው። «ግባ ልጄ፣ እኛም ጋ ድንጋይ ሞልቷል» ብለው ማረሻ ያወጣውን ክምር ከአጥሩ ሥር አሳዩኝ፤ ቡናም ቀረበ። ክምሩን አንድ በአንድ አገላበጥኩ። ይህን ማወቅ ለሚፈልግ የማየው እንዲህ ነው።

ሰው ሆን ብሎ የመታው ስንጣሪ አንድ ጫፉ ላይ ጠፍጣፋ ጠባብ ገጽ አለው፤ መምቻ ድንጋይ ያረፈበት ነው። ከዚያ ገጽ ሥር፣ በሆዱ በኩል፣ በጣት ሲዳሰስ ጉብ የሚል እብጠት አለ። ከእብጠቱ ጀምሮ፣ ውሃ ላይ ጠጠር ሲጣል እንደሚሰፋው ዓይነት፣ ቀስት ቀስት የሚል ሞገድ ወደ ታች ይወርዳል። ጀርባው ላይ ደግሞ ከሱ በፊት የተነሱ ስንጣሪዎች ጠባሳ ይታያል፣ በአንድ አቅጣጫ የተደረደሩ ከሆኑ ይበልጥ እርግጠኛ ይኮናል። ድንጋይ የሚፈልጠው ሰው ጠርዙን ከ90 ዲግሪ ባነሰ አንግል መርጦ ከጠርዙ ጥቂት ሚሊ ሜትር ገባ ብሎ ይመታል። በጣም ከጠርዝ ከመታ ጠርዙ ይፈረፈራል፤ በጣም ወደ ውስጥ ከገባ ድንጋዩ እንቢ ይላል። ጉልበቱ ካነሰ ስንጣሪው እስከ ታች ሳይደርስ መሐል ላይ ታጥፎ ይሰበርና እናት ድንጋዩ፣ ማለትም ስንጣሪው የሚነሳበት ድንጋይ፣ ላይ እርከን ይተዋል። ያ እርከን ካልተስተካከለ ቀጣዩ ምት ሁሉ እዚያው ይሰናከላል። የተጣለ እናት ድንጋይ ላይ እርከን ተደራርቦ ካየሁ የተጣለበት ምክንያት አብዛኛውን ጊዜ ይኸው ነው።

የእማማ ክምር ውስጥ ያለው ሁሉ ባዝልት፣ ተራው ጥቁር ድንጋይ፣ ነበር። አንዱ ክብ ሆኖ እንደ ክዳን የተነሳ ስባሪ በጣም ያምር ነበር፤ መምቻ ገጽ የለውም፣ እብጠት የለውም፣ መሬት ሲቃጠል ሙቀት የነጠለው ነው። ሌሎቹ የማረሻ ምት ናቸው፤ ሰሞኑን የተሰበረው ገጽ ከቀረው ቀለሙ የተለየና ንጹሕ ሆኖ ይታያል። ከሁሉ ይበልጥ የሚያታልለው ግን መንገድ ዳር ነው። የጠጠር መፍጫ ማሽን ባዝልቱን ሲጨምቀው እውነተኛ እብጠትና ሞገድ ያለው ስንጣሪ ያወጣል። የሚለየው ጠባሳዎቹ ሥርዓት ስለሌላቸው፣ ጠርዙ ዙሪያውን በየአቅጣጫው ስለተጨፈለቀና መጠኑ ሁሉ በወንፊት እንደተነፋ አንድ ዓይነት ስለሆነ ነው። ስለዚህ ከአስፋልት ወይም ከጠጠር መንገድ ብዙ ሜትር ያልራቀ ድንጋይ አልቆጥርም።

ሐሙስ ገበያ ላይ ያገኘኋቸው አዛውንት ግን ለዚህ ጉዞ ትልቁ ዕድል ነበሩ። ከሃዲያ የመጡ፣ ድሮ ቆዳ ያለፉ ሰው ናቸው። «ጋሼ፣ በባልጩት ነበር የምትፍቁት?» ስላቸው ፈገግ ብለው እጀታውን በአየር ላይ ሳሉልኝ፦ መሐሉ ወፈር ያለ እንጨት፣ ግራና ቀኙ ላይ አንዳንድ ጉድጓድ፣ ጉድጓዱ ውስጥ የዛፍ ሙጫ፣ ሙጫው ውስጥ ባልጩት። ሙጫውን እሳት አስነክቶ ማለስለስ፣ የደነዘውን መንቀል፣ አዲሱን መትከል። በሥራ መሐል ጠርዙ ሲደነዝ ትንንሽ ስንጣሪ እየነቀሉ ይስሉታል፤ በተሳለ ቁጥር መፋቂያው ያጥራል፣ ጠርዙም ቀጥ እያለ ይሄዳል፣ በመጨረሻ ጫፉ ከእጀታው ብቅ አልል ሲል ይጣላል። አጥኚ መሬት ላይ የሚያገኘው ያንን ጉማጅ ነው። ረጅሙና አጭሩ ሁለት ዓይነት መሣሪያ ተብለው ሲመደቡ፣ አንዱ የሌላው እርጅና ሊሆን ይችላል። ጋሞ ውስጥ ከቆዳ አልፊዎች ጋር የተደረገ ጥናትም መፋቂያ ጠርዝ ላይ ሾጥጦ የሚቀር እሾህ፣ ጀማሪ ወይም እጁ የደከመ ሽማግሌ እንደሠራው ሊያሳይ እንደሚችል አሳይቷል።

ስባሪውን የት እንደሚጥሉት ጠየቅኋቸው። «ልጅና ከብት እንዳይቆርጠው ጉድጓድ ውስጥ ነዋ!» አሉኝ፣ ይህ እንዴት ይጠየቃል በሚል ድምፅ። ለጅማ ይህ መልስ ብዙ ዋጋ አለው። የታወቁት የባልጩት ምንጮች በብዛት ስምጥ ሸለቆው ውስጥና ዳርቻው ላይ ስለሆኑ፣ እዚህ የሚገኝ እያንዳንዱ ባልጩት ተሸክመውት የመጣ ሳይሆን አይቀርም። አንድ ገበሬ ጅማ ዙሪያ የባልጩት ክምር ቢያገኝ መጀመሪያ መጠርጠር ያለበት የቅርብ ዘመን ቆዳ አልፊ ጉድጓድ እንዳይሆን ነው፦ ስባሪው በጠባብ ቦታ ታጭቆ፣ የደከሙ መፋቂያዎች በዝተውበት፣ ጥጋቸው ላይ ሙጫ ተጣብቆ ከሆነ። ተበታትኖ፣ ከቀዩ አፈር ሥር ባለ የተለየ ንጣፍ ውስጥ ተቀምጦ፣ መልኩ ደብዝዞ ከሆነ ግን አካፋው እዚያው ይቁም። በአዋጅ ቁጥር 209/1992 መሠረት ያለ ፈቃድ መቆፈር ክልክል ነው፤ ያገኘ ሰው ማሳወቅ አለበት። ድንጋዩ ባለበት ሆኖ፣ አጠገቡ እስክሪብቶ ወይም ሳንቲም ለመጠን ተቀምጦ፣ አንዴ ከላይ አንዴ ከጎን ፎቶ ይነሳ፤ የስልኩ የቦታ ምልክት ይመዝገብ፤ ከዚያ ለወረዳው ባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ይነገር። ታጥቦ ኪስ ውስጥ የገባ ባልጩት ከየትኛው ንጣፍ እንደወጣ ማንም ሊመልስለት አይችልም፤ ሙጫውም ካለ ሲታጠብ ሊረግፍ ይችላል።