ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ፦ ቡድኑን ማን ይረከባል?

ኮምቦልቻ የፋብሪካ ከተማ ናት። ጨርቃ ጨርቁ፣ ቢራው፣ ኋላም የኢንዱስትሪ ፓርኩ የሕዝቧን ሰዓት በፈረቃ ከፋፍለውታል። ወደ ደሴ የሚወጣውን ሚኒባስ ስጠብቅ ከሥራ የወጡ ወጣት ሴቶች እየተሳሳቁ አለፉ፤ ነጠላ ያጣፉ፣ ሒጃብ የለበሱ፣ የሥራ ካፖርታቸውን በክንዳቸው ያንጠለጠሉ። ደሴ የምሄደው ስለ ሌላ አገር የፋብሪካ ሴቶች ላወራ ነበርና ዓይኔን ከእነሱ ላይ ማንሳት አልቻልኩም። አንዲት የስፖርት መምህርት ናት የጋበዘችኝ። ከትምህርት ሰዓት ውጭ እግር ኳስ የምታሠለጥናቸው ልጃገረዶች አሏት። «ስለ ግብ አግቢዎቹ ሁሉም ያወራል፤ ቡድን ስለሚመሩት ሰዎች ያጫውቱልኝ» ነበር ያለችኝ።

መንገዱ ሃያ አምስት ኪሎ ሜትር ያህል ቢሆንም ከ600 ሜትር በላይ ሽቅብ ያወጣል። ሐረጎ ላይ ሚኒባሱ እየተጠማዘዘ ሲወጣ የኮምቦልቻ ሙቀት ከኋላ ቀረ፤ የተሳፋሪው መስኮት ሁሉ ተዘጋ። ደሴ ስደርስ የጦሳ ተራራ ጉም ለብሶ ጠበቀኝ። ፒያሳ ላይ ቡና ጠጥቼ ልጆቹ ወደሚለማመዱበት ወደ ሆጤ አቀናሁ።

ልጆቹ ልምምዳቸውን ጨርሰው ሣሩ ላይ ተቀምጠው ነበር። አጥቂዋን ሎዛ አበራን የማያውቅ አንድም የለም። በ2024 (ዓመቶቹን የምጠቅሰው እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ነው) የንግድ ባንክ ሴቶች በብርሃኑ ግዛው አሰልጣኝነት የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካን (ሴካፋ) ማጣሪያ አሸንፈው ለአፍሪካ ሻምፒዮንስ ሊግ ሞሮኮ መሄዳቸውንም በጋለ ስሜት ነገሩኝ። እኔ ደግሞ ፕሬስተን ወደምትባል የእንግሊዝ ከተማ ወሰድኳቸው።

በመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ወንዶቹ ወደ ግንባር ሲዘምቱ ዲክ ኬር በተባለው ፋብሪካ ጥይትና መሣሪያ የሚያመርቱት ሴቶች ሆኑ። በእረፍት ሰዓት ግቢው ውስጥ ኳስ ይጫወቱ ነበር። አልፍሬድ ፍራንክላንድ የሚባል የቢሮ ሠራተኛ አይቷቸው ቡድኑን አደራጀ፤ የመጀመሪያዋ አምበል አሊስ ኬል ሆነች። በ1917 የገና ዕለት ለቁስለኛ ወታደሮች ሆስፒታል ገንዘብ ለማሰባሰብ ባደረጉት ጨዋታ 10,000 ሰው ገባ። ከ3 ዓመት በኋላ፣ በገና ማግስት፣ ሊቨርፑል ከተማ በሚገኘው ጉዲሰን ፓርክ ተመልካቹ 53,000 ደረሰ፤ ብዙ ሺህ ሰው ደግሞ ቦታ አጥቶ ውጭ ቀረ።

«ከዚያስ?» አለች አንዷ።

ከዚያማ ተከለከሉ። በታኅሣሥ 1921 የእንግሊዝ እግር ኳስ ማኅበር ኳስ ለሴቶች አይመችም ብሎ አባል ክለቦቹ ሜዳቸውን ለሴቶች እንዳይሰጡ አዘዘ። እገዳው ግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ቆየ። ይህን ስናገር አሁንም ያንገበግበኛል፤ ያን ሁሉ ሕዝብ የሳበ ጨዋታ በአንድ ስብሰባ ውሳኔ ከስታዲየም ተባረረ። የአመራር ትርጉም የገባኝም እዚህ ላይ ነው። ፍራንክላንድ ቡድኑን በ1922 ወደ አሜሪካ ይዞ ሄደ፤ ሴቶቹ እዚያ ከወንዶች ቡድኖች ጋር ተጫወቱ። በ1926 ከፋብሪካው ባለቤቶች ጋር ሲለያይ ስሙን የፕሬስተን ሴቶች ብሎ ቀጠለ። ሜዳ መለመን፣ ተጋጣሚ መፈለግ፣ ለጉዞ ገንዘብ ማሰባሰብ፤ አርባ ዓመት ያህል ይህን ሠራ። ጤናው ሲታወክ ካት ላተም የተባለች ሴት ቡድኑን ተረከበችው፤ እሱም በ1957 ሞተ። በ1965 ግን ተጫዋች ጠፍቶ ቡድኑ ፈረሰ።

መምህርቷ እስከዚህ ድረስ ዝም ብላ ስታዳምጥ ቆይታ፣ «አርባ ዓመት አንድ ሰው!» አለች። በአድናቆት ይሁን በድንጋጤ አልለየሁም። እኔ ግን ሁለቱም ይገቡታል ባይ ነኝ። ፍራንክላንድ ባይኖር ቡድኑ እገዳውን አይሻገርም ነበር፤ ነገር ግን ምሰሶው አንድ ብቻ የሆነ ጎጆ ያሰጋል።

ደሴ ውስጥ አርሰናልን መጥቀስ ቤተሰብን እንደ መጥቀስ ነውና ቀጥዬ ወደዚያው ሄድኩ። የአርሰናልን የሴቶች ቡድን በ1987 ያቋቋመው ቪክ ኤከርስ የወንዶቹ ቡድን የትጥቅ ኃላፊም ነበር። የወንዶቹን አሰልጣኝ የቬንገርን ተጫዋቾች ማልያ እያሰናዳ ሴቶቹን እስከ 2009 መራ፤ በ2007 የአውሮፓ ክለቦችን ዋንጫ አስገኘላቸው። ክለቡ ግን በእሱ ላይ ብቻ አልቆመም። ተጫዋች የነበረችው ክሌር ዊትሊ ጫማዋን ከሰቀለች በኋላ ወደ አስተዳደሩ ገብታ የሴቶች እግር ኳስ ዳይሬክተር እስከ መሆን ደረሰች። እነ ላውራ ሃርቪ፣ ሼሊ ከር፣ ጆ ሞንቴሙሮ እየተቀባበሉ አሠለጠኑ። በጥቅምት 2024 አሰልጣኙ ዮናስ አይደቫል ሲለቅ ረዳቱ ረኔ ስሌገርስ በጊዜያዊነት ተተካች፤ በጥር ቋሚ ሆነች፤ በግንቦት ሊዝበን ላይ ባርሴሎናን 1 ለ 0 አሸንፋ ዋንጫውን ከ18 ዓመት በኋላ መለሰችው። ኃላፊነቱ በድንገት ሲመጣባት ቤቱን የምታውቅ፣ ሥራውን የለመደች ሴት ወንበሩ አጠገብ ነበረች።

አምበሏ፣ የአሥራ አንደኛ ክፍል ተማሪ ናት፣ ወደ መምህርቷ ዞራ፣ «መምህር፣ እርስዎ ቢቀየሩ እኛ ምን እንሆናለን?» አለቻት።

መምህርቷ ለመመለስ ጊዜ ወሰደች። ኳሱን የምትገዛው ከደመወዟ ነው፤ የወላጆችን ፈቃድ ቤት ለቤት እየዞረች የምትለምነው እሷው ናት፤ ሴት ልጅ ኳስ ምን ይሠራላታል የሚሉ አባቶችን የምታሳምነውም እሷው ናት። የሁሉም ነገር መዝገብ በጭንቅላቷ ውስጥ ነው።

«እስከ ዛሬ አላሰብኩበትም» አለች በመጨረሻ። «አብሽሪ፣ ከዛሬ ጀምረን እናስብበታለን።»

እዚያው ሥራ ተከፋፈሉ። የልምምድ ሰዓትና የተጫዋቾች ስም የሚጻፍበት ደብተር ለአንዲት ዝምተኛ ተከላካይ ተሰጠ። ሁለት ልጆች ከመምህርቷ ጋር ወደ ወላጆች ቤት ሊሄዱ ተስማሙ፤ አንዷ ሼኽ አያቷን ይዛ እንደምትሄድ ተናገረች፤ ያ ሐሳብ ከሁሉም በላይ አስደሰተኝ። በሚቀጥለው ሳምንት ስለ ሜዳ ሰዓት ስብሰባ አለ። መምህርቷ ትገኛለች፤ ጥያቄውን የምታቀርበው ግን አምበሏ ናት።