ወንበሩን የተቀማው እንደራሴና የእኔ ፓርኪንግ

አትላንታ እንደመጣሁ ያገኘሁት ሥራ መሃል ከተማ ያለ ፓርኪንግ ነበር። ቀኑን ሙሉ መኪና ሳስገባና ሳስወጣ እውላለሁ፤ ማታ በባቡርና በአውቶቡስ ወደምኖርበት ወደ ክላርክስተን። በምሳ ሰዓት ከቤት የያዝኩትን ፍርፍር አንጠልጥዬ ጉልላቱ በወርቅ ወደተለበጠው የጆርጂያ ግዛት ምክር ቤት ግቢ እሄዳለሁ። ጥላ አለ፤ ማንም ተነስ አይልህም። እዚያ ግቢ ውስጥ አንድ ሐውልት ቆሟል። ሁለት ዓመት ሙሉ አጠገቡ ስበላ ጽሑፉን አንብቤው አላውቅም።

ያነበብኩት በከፋኝ ቀን ነው። ማኔጀራችን «የሱፐርቫይዘሩ ቦታ ሲለቀቅ ያንተ ነው» ብሎኝ ነበር። እሱን አምኜ አዲስ የሚቀጠረውን ሁሉ አሠለጠንኩ፣ የሰው ሺፍት ሸፈንኩ፣ ለበዓል እንኳ አልቀረሁም። ቦታው ሲለቀቅ ከሦስት ወር በፊት እኔው ላሠለጠንኩት ልጅ ተሰጠ። ስጠይቀው «ደንበኞች አነጋገርህ አይገባቸውም» አለኝ። ቃልህስ? ብለው «እንዲህ ያለ ቃል መቼ ገባሁ?» አለ። የምለው ጠፋኝ።

አብሮን የሚሠራ፣ እዚያው ጆርጂያ ተወልዶ ያደገ ጥቁር ሽማግሌ ነበር። ሳልበላ መቀመጤን አይቶ መጣና «ና፣ ያንን አንብብ» አለኝ። ሐውልቱ ላይ «ከቀለማቸው የተነሳ የተባረሩ» ይላል። በፈረንጆቹ 1868 ተመርጠው ከዚህ ግዛት ምክር ቤት የተባረሩት የ33ቱ ጥቁር እንደራሴዎች መታሰቢያ ነው። «ከሁሉም የተርነርን ታሪክ ፈልግ» አለኝ።

ፈለግኩ። ሔንሪ ማክኒል ተርነር በ1834 ሳውዝ ካሮላይና ውስጥ ከባርነት ነጻ ከሆነ ቤተሰብ ተወለደ። ነጻ ይሁን እንጂ ጥቁርን ማስተማር በሕግ የተከለከለ ነበር። በልጅነቱ ጠበቆች ቢሮ እየጠረገና እየተላላከ ሳለ ጠበቆቹ ናቸው ያስተማሩት። ሰባኪ ሆነ። በእርስ በርሱ ጦርነት ጊዜ፣ በ1863፣ ፕሬዚዳንት ሊንከን የጥቁር ወታደሮች ክፍለ ጦር ቄስ አድርገው ሾሙት። ጦርነቱ ሲያበቃ ጆርጂያ ገብቶ ቤተክርስቲያን ተከለ፣ ሕዝቡን ለምርጫ አደራጀ።

እንቅልፍ የነሳኝ ከዚህ በኋላ ያለው ነው። በ1867 መጨረሻ አዲሱን የጆርጂያ ሕገ መንግሥት ለማርቀቅ ጉባኤ ተቀመጠ፤ ተርነርም ከጉባኤተኞቹ አንዱ ነበር። ጥቁሮች የመምረጥ መብት አገኙ። መመረጥና ሥልጣን መያዝ ይችላሉ የሚለው ግን በግልጽ ሳይጻፍ ቀረ። ተርነር በዚህ አልተጣላም። እንዲያውም ትናንት ባርነትን ለማቆየት ለተዋጉት ሰዎች ምሕረት ይደረግ ብሎ የተከራከረ ሰው ነው። እጁን ዘርግቶላቸው ነበር።

በ1868 ከሜከን ከተማ ተመርጦ ምክር ቤት ገባ። ጥቂት ወራት ሳይቆይ ነጮቹ አባላት ተነሱና «ሕገ መንግሥቱ ምረጡ ይላል እንጂ ተቀመጡ አይልም» አሉ። አገራችን «በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» የሚለው ለካ እንዲህ ላለው ነው! ከጥቁሮቹ እንደራሴዎች መልካቸው ከነጭ የማይለይ አራት ሰዎች ጥቁርነታቸውን ማረጋገጥ ስላልተቻለ ተተዉ። መስከረም ላይ ተርነር ለመጨረሻ ጊዜ ቆሞ ተናገረ። ለማንም አልለማመጥም፣ መብቴን ልጠይቅ ነው የመጣሁት አለ። 250 ዓመት እርሻችሁን አርሰናል፣ አዝመራችሁን ሰብስበናል፤ ለዚህ ካሳ አልጠየቅናችሁም፣ አሁን የምንጠይቀው መብታችንን ነው አላቸው። አባረሯቸው። ወንበራቸውንም በምርጫው ለተሸነፉት ሰዎች ሰጡት። ይቺን ሳነብ ያ ያሠለጠንኩት ልጅ ፊቴ መጣ። የእኔ ጉዳት ከነሱ ጋር አይወዳደርም፤ በዚያው ወር ካሚላ በምትባል ከተማ ለምርጫ ስብሰባ በሰልፍ የሄዱ ጥቁሮች በጥይት ተገድለዋል። ግን ሕመሙን በየት በኩል እንደሚገባ አውቄዋለሁ።

የፌዴራሉ መንግሥት ጣልቃ ገብቶ በ1870 ወደ ወንበራቸው መለሳቸው። ተርነር ግን ከዚያ በኋላ እንደ ድሮው ሰውን አላመነም። በ1880 ኤ.ኤም.ኢ. የምትባለው የጥቁር አሜሪካውያን ቤተክርስቲያን ጳጳስ ሆነ፤ እያደርም ጥቁር በዚህ አገር ፍትሕ አያገኝም፣ ወደ አፍሪካ እንሂድ ማለት ጀመረ። በ1895ና በ1896 ሁለት መርከቦች ከ500 የሚበልጡ ሰዎችን ከጆርጂያ ወደ ላይቤሪያ ወሰዱ። ብዙ ሰው በወባ ሞተ፤ የተመለሱም አሉ። እኔ በስንት መከራ ጥዬው የመጣሁትን አህጉር እሱ ዕድሜውን ሙሉ ሲናፍቀው ኖረ። ይህን ማሰብ አሁንም ይከብደኛል።

ደግሞ አንድ ነገር አገኘሁ። ደቡብ አፍሪካ ውስጥ ጥቁር ክርስቲያኖች ከነጮች ቤተክርስቲያን ተገንጥለው የራሳቸውን ሲያቆሙ ስሟን «የኢትዮጵያ ቤተክርስቲያን» አሏት። በ1896 መልእክተኛቸው እዚሁ አትላንታ ድረስ መጣ፤ የተቀበላቸውም ተርነር ነው። እኛ አድዋ ላይ ድል ባደረግንበት ዓመት መሆኑ ነው። ሁለት ዓመት ቆይቶ ተርነር ራሱ እዚያው ደቡብ አፍሪካ ሄዶ ቄሶቻቸውን ሾመ።

እኔ ያንን ፓርኪንግ ለቀቅኩ። አዲሱ መሥሪያ ቤት «ከስድስት ወር በኋላ ደመወዝ እንጨምርልሃለን» ሲለኝ «ደብዳቤው ላይ ይግባልኝ» አልኩ። ድምፄ እየተንቀጠቀጠ ነው ያልኩት። ጻፉልኝ።

ተርነር በ1915 ካናዳ ውስጥ ሞተ፤ የተቀበረው ግን እዚህ አትላንታ፣ ሳውዝ ቪው መካነ መቃብር ነው። ባለፈው ጥቅምት ያንን ሽማግሌ በመኪናዬ ይዤው ሄድን። ጡረታ ወጥቷል፣ ጉልበቱ ደክሟል፤ ክንዴን ይዞ ነው የተራመደው። ዳዊቴን አውጥቼ «ኢትዮጵያ እጆችዋን ወደ እግዚአብሔር ትዘረጋለች» የሚለውን በአማርኛ አነበብኩለት። ምን እንዳነበብኩ ልነግረው ስል «ኢትዮጵያ» የምትለዋን ቃል ሰምቶ ኖሮ ቀድሞኝ ጥቅሱን በእንግሊዝኛ በቃሉ አወረደው። አያቱ ናት አሉ ያስጠናችው።