የቆረጠችው እጅ

ትናንት ማታ እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ ያንን የመኪና ትዕይንት ደግሜ አየሁት። የፈረንሳዊው ዳይሬክተር የዣን-ሉክ ጎዳር የመጀመሪያ ረጅም ፊልም፣ «ኣ ቡ ደ ሱፍል» ላይ ያለውን። ተዋናይቷ ጂን ሲበርግ ጣሪያ በሌለው መኪና ተቀምጣለች። የምናያት ከኋላ ነው፤ አጭር ጸጉሯንና አንገቷን። አብሯት የሚተውነው ቤልሞንዶ ያወራል፣ እሱ ግን አይታይም። ወሬው ሳይቋረጥ ምስሉ ይዘላል። መንገዱ ይቀየራል፣ ብርሃኑ ይቀየራል። ጭንቅላቷ ግን እዚያው ነው።

ፊልሙ ሲቀናበር በጣም ረዝሞ ነበር። ሙሉ ትዕይንት አውጥተው ከመጣል ይልቅ ከየትዕይንቱ ሆድ ውስጥ ቆራረጡት። ዛሬ ዩቲዩብ ላይ የሚያወራ ሰው ሁሉ እንዲህ ይቆርጣል። በ1960 እ.ኤ.አ. ግን ጉድ አሰኝቶ ነበር። ምስጋናውን የወሰደው ጎዳር ነው። ይገባዋል። የፊልሙ ኤዲተር ግን ሴሲል ደኩዢ ናት፤ ስሟን የሚያነሳ ሰው ብዙም አላጋጠመኝም።

እኔም እንጀራዬ ኤዲቲንግ ስለሆነ ይሄ ነገር ያንገበግበኛል። እኔ ከተሳሳትኩ አንድ ቁልፍ ተጭኜ እመልሰዋለሁ። እሷ ፊልሙን በእጇ ነው የያዘችው። የ35 ሚሊ ሜትር ፊልም አንድ ሰከንዱ 24 ምስል ነው፤ ሲዘረጋ ግማሽ ሜትር እንኳን አይሞላም። ከዚያ ላይ የቱ ጋ እንደሚቆረጥ ወስኖ፣ ቆርጦ፣ መልሶ መቀጠል ነው ሥራው።

ፊልሙ ፓሪስ ውስጥ መታየት በጀመረበት በዚያው ዓመት ደኩዢ ታሰረች። ለአልጄሪያ ነጻነት የሚዋጋውን ኤፍ.ኤል.ኤን ረድተሻል ተብላ 5 ዓመት ተፈረደባት፤ 2 ዓመት ያህል ታሰረች። ቀደም ሲል ወደ ቱኒዚያ ስለተሰደዱ አልጄሪያውያን አጭር ፊልም ሠርታ ነበር። ያየችውን አይታ ዝም ማለት አልሆነላትም መሰለኝ። ዓለም ስለዚያ አቆራረጥ ሲያወራ እሷ ከግድግዳ ጀርባ ነበረች። ይሄን ሳስብ ሆዴ ይባባል።

ከእስር ወጥታ ወደ ሥራዋ ተመለሰች። ከዳይሬክተሩ ኤሪክ ሮሜር ጋር እስከ 1980ዎቹ ድረስ ሠራች። በ1969 የወጣውን የሮሜርን ፊልም «ማ ንዊ ሼ ሞድ»ን ያቀናበረችው እሷ ናት። እዚያ ፊልም ላይ ሰዎች ሌሊቱን ሙሉ ተቀምጠው ስለ እምነትና ስለ ፍቅር ያወራሉ። ምንም የሚዘል ነገር የለም። አንዱ ሲናገር ምስሉ የሚያዳምጠው ሰው ፊት ላይ ይቆያል። ያቺው እጅ ናት! እዚያ ተመልካቹን ያስደነገጠች፣ እዚህ መኖሯን እንኳን የማታሳውቅ። ለኔ ትልቅ ኤዲተር ማለት እሷ ናት።

ዛሬ ጠዋት የጀመርኩትን የሰርግ ቪዲዮ ከፈትኩት። የሙሽራዋ አባት እየመረቁ ነው። እናትየው ከጎናቸው ቆመው የነጠላቸውን ጫፍ በጣታቸው ይጠቀልላሉ፤ ይፈቱታል፤ ደግሞ ይጠቀልላሉ። ባለፈው ሳምንት ይረዝማል ብዬ ቆርጬው ነበር። መልሼ አስገባሁት። 11 ሰከንድ ነው።