አራተኛ ወር፦ ብሮድስኪን ድምፅ ዘግቶ ማየት

አንድ ረዳት ተዋናይ መርጬ ሥራዎቹን እየተከታተልኩ ማየት ከጀመርኩ አራት ወር ሞላኝ። የያዝኩት ቼኩን ቭላስቲሚል ብሮድስኪን ነው (1920–2002፤ ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። ስሙን ሳላውቅ ነበር ፊቱን የለየሁት። ባየሁት የቼክ ፊልም ሁሉ ብቅ ሲልብኝ «ይሄ ሰውዬ እዚህም አለ?» እያልኩ ገባሁበት።

በመጀመሪያ ያየሁት ዳይሬክተሩ ይርዢ ሜንዘል በ1966 የሠራውን፣ በ1968 ኦስካር ያገኘውን የባቡር ጣቢያ ፊልም ነው። ብሮድስኪ ለናዚዎች ያደረ ሹም ሆኖ ይመጣና ካርታ ዘርግቶ የጀርመን ጦር ማፈግፈግ የታሰበበት ስልት መሆኑን ለጣቢያው ሠራተኞች ያስረዳል። ሳቅሁ። ስደግመው ግን ሰውዬው አንዴም ለማሳቅ እንደማይሞክር አስተዋልኩ፤ የሚለውን ከልቡ አምኖበታል።

የሜንዘልን የ1968 ፊልም ደግሞ «ቅብጥብጡ በጋ» ልበለው? ዝናቡ አላባራ ስላለ በእኛ ቋንቋ ክረምት ቢባል ይሻለዋል። እዚያ ጡረታ የወጣ ሻለቃ ነው።

ሦስተኛው ወር ላይ ተሸወድኩ። በ1975 በበርሊን ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይ የብር ድብ ያሸለመው የምሥራቅ ጀርመን ፊልም ነው፤ እዚህስ መሪ ተዋናይ ነው። ያዕቆብ የሚባለው ሰው ሬዲዮ ሳይኖረው አለኝ ብሎ፣ በጌቶ (ናዚዎች አይሁዶችን ለይተው በዘጉበት ሰፈር) የታጎሩ ሰዎችን በፈጠራ ዜና ያጽናናል። ለአንዲት ትንሽ ልጅማ ምድር ቤት ተደብቆ ራሱ ሬዲዮ ይሆንላታል። ስለ ድምፁ ግማሽ ገጽ ጻፍኩ፤ እንዴት እንደሚቀያይረው፣ የቱ ጋ እንደሚሰበር። በኋላ ሳጣራ ለካ ጀርመንኛውን የተናገረለት ሌላ ተዋናይ ኖሯል! ግማሽ ገጽ ሙገሳዬ ለሌላ ሰው ነበር።

አፍሬ ፊልሙን ድምፁን ዘግቼ ደገምኩት። ያኔ ነው ብሮድስኪን ያየሁት። ሰዎች ዜና ሲለምኑት ፊቱ ላይ መጀመሪያ የሚመጣው ድካም ነው፤ ውሸቱ ከዚያ በኋላ ይከተላል። ማስታወሻዬን ቀድጄ ከዓይኑ ጀመርኩ።

ከዚያ ወዲህ አንድ ትዕይንት ሁለቴ አያለሁ፤ አንዴ በድምፅ፣ አንዴ ያለ ድምፅ። ጊዜ ይበላል፣ ሰብታይትሉም ይረብሻል፤ በወረቀት እሸፍነዋለሁ (የቤት ሰው ይስቅብኛል)። በዚህ መንገድ ያየሁት የሜንዘልን የ1969 ፊልም ነው፤ ታግዶ ቆይቶ በ1990 ሲወጣ በበርሊን ፌስቲቫል ዋናውን ሽልማት፣ የወርቅ ድብን ወሰደ። ብሮድስኪ መጻሕፍት አላጠፋም ብሎ ብረታ ብረት መጣያ ግቢ ለጉልበት ሥራ የተላከ ፕሮፌሰር ነው። ሌሎቹ ሲያወሩ እሱ የሚያዳምጥበትን መንገድ ብቻ መዝግቤ ሦስት ገጽ ሞላሁ።

ቀጣዩ «አራቤላ» ነው፤ 13 ክፍል ያለው የቴሌቪዥን ተረት። ብሮድስኪ የተረት አገር ንጉሥ ነው። ክፍል አንድን ትናንት ማታ ያለ ድምፅ ጀመርኩት፤ እስካሁን የጻፍኩት ሁለት መስመር ነው።